ከሰሉና ነጩ ወረቀት፦ ስለ አንጎል ስናነብ የምንሠራቸው ስህተቶች

ድሬ ውስጥ ስለ አንጎል የሚያወራ አንድ መጽሐፍ ከተገኘ አስር ሰው ያነበዋል። አንዱ ኮፒ ያስደርገዋል፣ ሌላው ፒዲኤፉን በቴሌግራም ይልከዋል። ከዚራ ዛፍ ጥላ ስር ተቀምጠን ያነበብነውን ስናወራ ግን የምንሳሳተው ሁልጊዜ እዚያው ቦታ ላይ ነው። አብዛኞቹን ስህተቶች እኔም ሠርቻቸዋለሁ።

የመጀመሪያው ገና ከሽፋኑ ይጀምራል፤ አንጎልንና አእምሮን አንድ ማድረግ። አንጎል ራስ ቅላችን ውስጥ ያለው፣ 1.4 ኪሎ ግራም ገደማ የሚመዝነው አካል ነው። አእምሮ ማሰቡ፣ ማስታወሱ፣ መፈለጉ ነው። መጻሕፍቱ የሚከራከሩት አንዱ ከሌላው እንዴት እንደሚወጣ ስለሆነ፣ ቃላቱን ካምታታን ክርክሩ ያመልጠናል። ቋንቋችን ደግሞ ሦስተኛ ተፎካካሪ አለው፤ ልብ። “ልብ በል” እንላለን፣ “ልብ ወለድ” እናነባለን። እኔ ሳነብ ጠርዙ ላይ በእርሳስ “አንጎል” ወይም “አእምሮ” ብዬ እጽፋለሁ። የቱን እንደምጽፍ ሲጠፋኝ ገጹን እንደገና አነበዋለሁ።

ከሁሉም የሚቆጨኝ ስህተት ግን ስለ ማየት የተጻፈን ምዕራፍ ተጋድሞ እንደ ልብ ወለድ ማንበብ ነው። ኬሚስትሪ ቢሆን ላቦራቶሪ የለኝም ትላላችሁ። እዚህ ላቦራቶሪው ፊታችሁ ላይ ነው።

መስመር ያለው ደብተር አምጡ። በግራ በኩል የመደመር ምልክት ሥሩ፣ በዚያው መስመር ላይ 10 ሴንቲ ሜትር ወደ ቀኝ ሄዳችሁ ትንሽ ነጥብ አጥቁሩ። ግራ ዓይናችሁን ጨፍኑና በቀኙ ምልክቱን ብቻ እያያችሁ ደብተሩን በቀስታ አቅርቡት፣ አርቁት። ከ35 እስከ 40 ሴንቲ ሜትር አካባቢ ሲደርስ ነጥቡ ድርግም ይላል። ነርቮቹ ተጠቃለው ከዓይን የሚወጡበት ቦታ ብርሃን የሚቀበል ሴል የለውም። መጥፋቱስ እሺ። ግን የደብተሩ መስመር ሳይቋረጥ ይታያችኋል። ማን ቀጠለው?

ሌላውን የሞከርኩት መጋላ በኩል፣ ከሰል የምትሸጥ ሴትዮ ደጅ ላይ ነው። ቀትር ነበር፣ የድሬን ቀትር ታውቁታላችሁ። ከሰሉ ፀሐይ ላይ ተቆልሏል። እኔ ጨለም ያለው ሱቅ ውስጥ ነጭ ወረቀት ይዤ ቆምኩ። ከሰል ካረፈበት ብርሃን ከመቶ 5 ገደማ ብቻ ነው የሚመልሰው፣ ነጭ ወረቀት ከመቶ 80 ገደማ። የቀትር ፀሐይ ግን ከቤት ውስጥ ብርሃን በመቶዎች እጥፍ ይበልጣል። ስለዚህ ከወረቀቱ ይልቅ ከከሰሉ ብዙ ብርሃን ወደ ዓይኔ ይገባ ነበር። ሆኖም ከሰሉ ጥቁር፣ ወረቀቱ ነጭ ሆኖ ነው ያየሁት። ሁለቱንም በአንድ ፎቶ ሳስገባቸው ስልኬ ከሰሉን ፈካ፣ ወረቀቱን ጠቆር አደረጋቸው። አንጎሌ የብርሃኑን ልዩነት አስቦ ቀንሶልኛል፣ ስልኬ አልቀነሰም።

“አቦ፣ ትገዛለህ ወይስ ፎቶ ታነሳዋለህ?” አለችኝ። አንድ ፌስታል ገዛሁ።

ቀጥሎ ያለው፣ ባለቀለም የአንጎል ምስልን እንደ ፎቶግራፍ ማመን። ምስሉ የሚወጣበት መሣሪያ፣ ፈንክሽናል ኤምአርአይ፣ ሐሳብን ፎቶ አያነሳም። የሚለካው በደም ውስጥ ያለውን የኦክስጅን ለውጥ ነው፣ ያውም ሰከንዶች ዘግይቶ። ቀለሙን የሚቀባው የስታቲስቲክስ ስሌት ነው። በ2009 አሜሪካ ውስጥ ተመራማሪዎች የሞተ ሳልሞን ዓሣ መሣሪያው ውስጥ አስገብተው የሰዎች ፎቶ “አሳዩት”። ስሌቱ ላይ ተገቢው እርማት ሳይደረግ ሲቀር የሬሳው አንጎል ውስጥ የበሩ ነጥቦች ታዩ። በሺዎች የሚቆጠሩ ነጥቦችን አንድ በአንድ ስትፈትኑ አንዳንዱ በአጋጣሚ ብቻ ይበራል። ሥራው በ2012 ኢግ ኖቤል የተባለውን የቀልድ ሽልማት አስገኝቶላቸዋል። ትምህርቱ ግን ቀልድ አይደለም።

እዚህ የምጽፋቸው ዓመታት ሁሉ እንደ ፈረንጆቹ ናቸው። ይህንንም ማለት ያስፈልጋል፤ 2009 የሚል መጽሐፍ አይቶ በእኛ ቆጥሮ “አዲስ ነው” ያለ ጓደኛ አለኝ። የመጽሐፍን ዕድሜ አለማየት ራሱን የቻለ ስህተት ነው። አንጎል 100 ቢሊዮን ነርቭ ሴል አለው የሚል ካገኛችሁ የቆየ ነው ብላችሁ ጠርጥሩ፣ ዛሬ የሚጠቀሰው 86 ቢሊዮን ገደማ ነው። የኖቤል ተሸላሚው ዳንኤል ካህነማን እንኳ በ2011 ባሳተመው ዝነኛ መጽሐፉ ጥቂት ሰው ላይ ብቻ በተሠሩ ጥናቶች ከልክ በላይ መተማመኑን በ2017 አምኗል። የእኛ ኮፒ ይህን አይነግረንም።

“የምንጠቀመው የአንጎላችንን 10 በመቶ ብቻ ነው” የሚለውን ዝም ብላችሁ እለፉት፣ ውሸት ነው። “የግራ አንጎል ሰው፣ የቀኝ አንጎል ሰው” የሚለውም የተጋነነ ነው። ሮጀር ስፔሪ በ1981 ኖቤል የተሸለመበት ሥራ ሁለቱን ጎን የሚያገናኘው የነርቭ ድልድይ በተቆረጠባቸው ሰዎች ላይ ነው። የኔና የእናንተ አልተቆረጠም።

አንድ የድሬና የሐረር ስህተት ልጨምር፤ ምዕራፉን በምርቃና መጨረስ። በርጫ ላይ ሁሉም ነገር ይገባል፣ ንቃተ ህሊና ሳይቀር። ጫት ውስጥ ያለው ካቲኖን አንጎል ውስጥ ከደስታ ስሜት ጋር የተያያዘው ዶፓሚን የተባለ ኬሚካል እንዲለቀቅ ስለሚያደርግ “ገባኝ” የሚለው ስሜት ከመግባቱ ይቀድማል። ጠዋት ማስታወሻዬን ሳየው ግማሹን ማን እንደጻፈው አላውቅም።

የመጨረሻው የሥነ ምግባሩን ምዕራፍ መዝለል ነው። ብዙ ጊዜ ከኋላ ስለሚቀመጥ እንደ ምርቃት ይታያል። ሄንሪ ሞሌይሰንን ግን አስቡት። የሚጥል በሽታ ነበረበት። በ1953 ሐኪሙ ከሁለቱም የአንጎሉ ጎን ሂፖካምፐስ ከሚባለው ክፍል ከፊሉን ቆርጦ አወጣ። ከዚያ ወዲህ አዲስ ነገር ማስታወስ አቃተው። በ2008 እስኪሞት ድረስ ሲጠና ኖረ፣ ከሞተ በኋላ አንጎሉ 2,401 ስስ ቁራጭ ተደረገ። ስለ ትውስታ ከምናውቀው ብዙው የመጣው ከእሱ ነው።

ይህን ስናወራ አንዲት ነርስ ጓደኛችን ቡናዋን አስቀመጠች። “ዛሬ እሺ ያለ ሰው ነገ እሺ ማለቱን ካላስታወሰ፣ እሺታው የማን ነው?” አለች። የያዝነውን ምዕራፍ ያን ቀን አልጨረስነውም።