የክፍልና የጠቅላላ ጥምርታ፦ ሊወገዱ የሚገባቸው ስህተቶች

በአንድ ከረጢት ውስጥ 12 ቀይና 18 ሰማያዊ ዶቃዎች አሉ። የቀዮቹ ዶቃዎች ጥምርታ ለጠቅላላው ዶቃ ስንት ነው? የብዙ ተማሪ እጅ ፈጥኖ የሚጽፈው «12 ለ 18» ብሎ ነው። ቁጥሮቹን በትክክል አንብቧል፤ የመለሰው ግን ያልተጠየቀውን ነው። 12 ለ 18 ቀዩን ከሰማያዊው፣ ማለትም ክፍልን ከክፍል ያነጻጽራል። ጠቅላላው በጥያቄው ውስጥ አልተጻፈም፤ ተደምሮ መገኘት አለበት፦ 12 + 18 = 30። ስለዚህ ጥምርታው 12 ለ 30፣ ሲቃለል 2 ለ 5 ነው። ከስህተቶች ሁሉ ይህን አብልጬ የምፈራው የተሳሳተው መልስም አምሮ ስለሚቃለል ነው፤ 2 ለ 3 ላይ የሚያስጠረጥር ነገር የለም።

ከረጢቱ ውስጥ 6 ነጭ ዶቃዎች ሲጨመሩ ደግሞ ሌላ ወጥመድ ይመጣል። ጥያቄው ስለ ቀይ ብቻ ስለሆነ ነጮቹ ይረሳሉ። ከቀዮቹ አንድም ባይነካ ጠቅላላው 36 ሆኗል፤ ጥምርታውም 12 ለ 36፣ ማለትም 1 ለ 3 ነው።

ማቃለል ላይ የሚታየው ትልቁ ስህተት መቀነስ ነው። ከ12 እና ከ30 ላይ 10 ሲቀነስ 2 ለ 20 ይገኛል፤ ይህም ከአሥር አንዱ ብቻ ቀይ ነው እንደ ማለት ነው። ጥምርታ የሚቃለለው ሁለቱንም ቁጥሮች ለአንድ ቁጥር በማካፈል እንጂ በመቀነስ አይደለም። ሌላው መሃል መንገድ ላይ መቆም ነው። 12 ለ 30 ለ2 ተካፍሎ 6 ለ 15 ሲሆን «15 ኢ-ተጋማሽ ስለሆነ ከዚህ አያልፍም» ተብሎ ይተዋል። ለ3 ግን ሁለቱም ይካፈላሉ። ከመጀመሪያው ለትልቁ የጋራ አካፋይ፣ ለ6 ማካፈል በአንድ እርምጃ 2 ለ 5 ላይ ያደርሳል።

ቅደም ተከተልን ማዛባትና መለኪያን መደባለቅ በአንድ መፈተሻ ይጋለጣሉ፦ ክፍል ከጠቅላላው ሊበልጥ አይችልም። 5 ለ 2 የጻፈ ተማሪ ቁጥሮቹን ገልብጧል። ከ2 ሰዓት ጥናት 40 ደቂቃው ለንባብ ቢውል «40 ለ 2» ብሎ የጻፈም ሰዓቱን ወደ 120 ደቂቃ መለወጥ ረስቷል፤ ትክክለኛው መልስ 1 ለ 3 ነው።