ከካልት እንዴት ይወጣል? ያዩትንስ እንዴት ይናገሩታል?

አባላቱን ከዘመድ ነጥሎ በአንድ መሪ ቃል ከሚያኖር ቡድን (ካልት ከሚባለው) ለመውጣት የወሰነ ሰው ትልቁ ስህተቱ አስቀድሞ መናገሩ ነው። "ልሰናበታችሁ" ያለ ሰው ሲለመንና ሲረገም ሊያድር ይችላል፤ እንቅልፍ ያጣ ሰው ደግሞ ሐሳቡን ማስቀየር ቀላል ነው። የባሰም አለ። እ.ኤ.አ. በ1978 በደቡብ አሜሪካዊቷ አገር በጋያና፣ ጆንስታውን በተባለ የካልት ሰፈር ውስጥ ከ900 በላይ ሰዎች ያለቁት ጥቂት አባላት ከአሜሪካዊው የምክር ቤት አባል ሊዮ ራያን ጋር እንውጣ ባሉበት ዕለት ነበር።

ስለዚህ መጀመሪያ ወረቀት። የፓስፖርት፣ የመታወቂያ፣ የልደትና የትምህርት ማስረጃዎን፣ የልጆችዎንም የክትባት ካርድ ፊትና ጀርባ ፎቶ አንስተው ውጭ ላለ የሚያምኑት ሰው ይላኩ። ዋናው ሰነድ በቡድኑ እጅ ከሆነና መጠየቁ የሚያስጠረጥር ከሆነ ይተዉት፤ ምትክ ከወጡ በኋላ ይወጣል።

ቀጥሎ ስልክ። ሌሎች የሚከፍቱት ከሆነ በእሱ ምንም አያቅዱ። አዲስ ኢሜይል ከሌላ ሰው ስልክ ይክፈቱ። የማረጋገጫ ኮዱ ወደ አሮጌው ቁጥር ከሄደ ግን ልፋትዎ ሁሉ ከንቱ ነው።

የሚወጡት መቅረትዎ ለሰዓታት በማይታወቅበት ጊዜ ይሁን። አንድ ቦርሳ፣ የሚወስዱት መድኃኒት፣ ጥሬ ገንዘብ፣ የሚጠብቅዎት ሰው፤ ይኸው ነው። ልጆች ካሉ ግን አስቀድመው ጠበቃ ያማክሩ፤ ሌላው ወላጅ ውስጥ ከቀረ ልጆቹን ይዞ መሄዱ በአሳዳጊነት ክርክር ሊጎዳዎት ይችላል። የመልቀቂያ ደብዳቤውን ደህና ቦታ ከደረሱ በኋላ በሁለት መስመር ይጻፉ። ምክንያት አይዘርዝሩ፤ ምክንያት ያቀረበ መልስ ይጠየቃል። የሚያስፈራራ መልእክት ቢመጣ ሳያጠፉ ያስቀምጡና ለፖሊስ ያሳዩ።

የመጀመሪያዎቹ ወራት ግራ ያጋባሉ። ምን እንደሚለብሱ መወሰን እንኳ ሊከብድ፣ የቡድኑ መዝሙር ሲሰማ ፍርሃት ሊመለስ ይችላል። እብደት አይደለም፤ ይህን ጉዳይ የሚያውቅ የሥነ ልቦና ባለሙያ ይፈልጉ።

ለመናገር አይቸኩሉ፣ ለመጻፍ ግን ይቸኩሉ። ትዝታ ይደበዝዛል። ገጹን ሦስት ቦታ ይክፈሉት፦ በዓይኔ ያየሁት፣ ከሌላ የሰማሁት፣ የገመትኩት። ቀኑ ከጠፋዎት ከበዓል ወይም ከልጅ ልደት ጋር ያያይዙት። በአደባባይ የሚናገሩት ከመጀመሪያው ክፍል ብቻ ነው፤ ስም ማጥፋት ተብለው የሚከሰሱት ብዙውን ጊዜ ከሦስተኛው ሲቀዱ ነው። ምስጢር ለመጠበቅ የፈረሙት ውል ካለ ጠበቃ ይየው። የሌላ ተጎጂ ስም ያለ ፈቃዱ አይነሣ፤ እዚያው ውስጥ ያለ ሰው ሊቀጣበት ይችላል።

ልጆች ላይ የተፈጸመ ጥቃት ካለ ፖሊስ ከጋዜጠኛ ይቀድማል፤ ወሬው ከወጣ ማስረጃ ይጠፋል። ለጋዜጠኛ ሲናገሩም ስምዎ፣ ፊትዎና ድምፅዎ ይውጣ አይውጣ የሚለውን መቅረጫው ሳይከፈት በጽሑፍ ይጨርሱ። ከተናገሩ በኋላ "ይህን አታውጣው" ቢሉ የመስማት ግዴታ ላይኖርበት ይችላል።