የፒኤስ 4 (ፕሌይስቴሽን 4) ጆይስቲክ ማሽኑን አላስነሳ ሲል

የጆይስቲኩን መሃል የፒኤስ ቁልፍ ስትጫኑ ማሽኑ ጢጥ ብሎ መነሳት አለበት። አልነሳ ሲል ብዙ ሰው ወይ ካቻቢቴ ፍለጋ ይሮጣል፣ ወይ አዲስ ሊገዛ ይወጣል። ሁለቱም ይቆዩ። "ሞቷል" ተብለው ካየኋቸው ጆይስቲኮች አብዛኞቹ በሕይወት ነበሩ፤ የሚገናኙትን ማሽን አጥተውት ነው እንጂ።

በመጀመሪያ ግን ማሽኑን በራሱ ቁልፍ አስነሱት። በ2013 የወጣው የመጀመሪያው ሞዴል የሚጫኑት ቁልፍ የለውም፤ ፊቱ ላይ ባለው ስንጥቅ ውስጥ የላይኛውን ነካ ማድረግ ነው፣ የታችኛው ሲዲ ማውጫ ነው። በእጅም ካልተነሳ ጆይስቲኩን አትውቀሱት፤ ማከፋፈያውንና ገመዱን እዩ። ማሽኑ ተኝቶ (ብርቱካናማ መብራት በርቶ) ሳለ መብራት ሄዶ ከመጣ ደግሞ ጠፍቶ ነው የምታገኙት። በእጅ አስነሱት፣ ማከማቻውን ልፈትሽ ካለም እስኪጨርስ ተዉት።

ከዚህ በኋላ ጆይስቲኩ የሚያሳየውን መብራት እዩ።

ምልክት፦ ምንም መብራት የለም

ባትሪው ባዶ ነው ማለት ይሆናል። እዚህ ላይ የሚሸወደው ሰው ብዛት! ጆይስቲኩን ማታ ጭራሽ በጠፋ ማሽን ላይ ሰክቶ ያድራል፣ ጠዋት ያው ባዶ ነው። ፒኤስ 4 ጭራሽ ሲጠፋ በዩኤስቢው ኃይል አይሰጥም። ወይ በእረፍት ሁኔታ (ሬስት ሞድ) አቆዩት፣ ያውም ከኃይል ቁጠባ ሴቲንግ ውስጥ የዩኤስቢ ኃይል ተፈቅዶ ከሆነ ነው፤ ወይ በስልክ ቻርጀር ሰኩት። ሲሞላ ብርቱካናማ መብራት ቀስ እያለ ይበራል ይደበዝዛል፤ ሞልቶ ሲያበቃ ይጠፋል። ለወራት ተቀምጦ የከረመ ከሆነ እንደሰካችሁት አትፍረዱበት፣ ግማሽ ሰዓት ስጡት።

ብርቱካኑ ካልመጣ ኬብል ቀይሩ። ኬብሉን ወደ ላይ ደገፍ ስታደርጉት ብልጭ ብሎ የሚጠፋ ከሆነ መሰኪያው ላልቷል። መሰኪያው ከዋናው ቦርድ የተለየ ትንሽ ቦርድ ላይ ስለሆነ ብቻውን ይቀየራል። ነገር ግን ከሞዴል ሞዴል ስለሚለያይ አሮጌውን ይዛችሁ ሂዱ። ባትሪ የምትቀይሩ ከሆነም የፋብሪካው 1000 ሚሊአምፒር ሰዓት ነው፤ በግዝፈት እኩል ሆኖ እጥፍ ይይዛል ተብሎ የተጻፈበትን እኔ አላምነውም። ያበጠ ባትሪ ደግሞ ከነጭራሹ ቻርጅ አይደረግም።

ምልክት፦ ነጭ ብልጭ ብልጭ ብሎ ይጠፋል

ጆይስቲኩ ማሽኑን እየፈለገ፣ አጥቶት ተስፋ ቆርጦ ነው። የመጀመሪያው ጥያቄ፦ ሰሞኑን ከቤት ወጥቶ ነበር? ይህ ጆይስቲክ የሚያስታውሰው አንድ ማሽን ብቻ ነው። ልጁ ኳስ ሊጫወት ጓደኛው ቤት ይዞት ሄዶ እዚያ በኬብል ካገናኘው፣ የእናንተን ረስቶታል። ከኮምፒውተር ወይም ከስልክ ጋር በብሉቱዝ ያገናኘውም እንደዚሁ።

መፍትሄው፦ ማሽኑን በእጅ አስነሱ፣ ጆይስቲኩን በኬብል ሰኩ፣ የፒኤስ ቁልፉን ተጫኑ። መብራቱ ሰማያዊ ሲሆን (ሁለተኛ ተጫዋች ከሆነ ቀይ) ኬብሉን ንቀሉ። ሳይጠፋ ከቆየ ተዋውቀዋል። ማሽኑን አጥፍታችሁ ከሶፋው ላይ ሞክሩት።

ብርቱካን ሆኖ ከቀረስ? ኬብሉን ጠርጥሩ። ከርካሽ ቻርጀር ጋር የሚመጡ አንዳንድ ኬብሎች ኃይል ብቻ እንጂ ዳታ አያሳልፉም፤ ይሞላሉ፣ አያስተዋውቁም። በዚያው ኬብል ማይክሮ ዩኤስቢ ያለው ስልክ ከኮምፒውተር ጋር አገናኙ፤ ፋይሎቹ ካልታዩ ጥፋተኛው ተገኘ።

በደህና ኬብልም እምቢ ካለ ሪሴት አድርጉት። ማሽኑን አጥፉ፣ ጆይስቲኩን ገልብጡ፣ በኤል 2 (L2 በተባለው የጣት ቁልፍ) በኩል ከብሎኑ አጠገብ ትንሽ ቀዳዳ አለች። ስቴኪኒ ወይም መርፌ ቁልፍ ከትታችሁ ለ5 ሰከንድ ያህል ተጫኑ፤ ውስጥ ቀጭ የሚል ነገር ይሰማችኋል። ከዚያ በኬብል እንደገና አስተዋውቁ።

ምልክት፦ የጎረቤቱን ማሽን ያስነሳል

ይሄ የፕሌይስቴሽን ቤቶች በሽታ ነው። ደንበኛ ሦስተኛው ወንበር ላይ ተቀምጦ ቁልፉን ይጫናል፣ አንደኛው ማሽን ጢጥ ይላል። ቻርጅ ለማድረግ ካገኙት ማሽን ላይ ሲሰኩ ተለዋውጠዋል። ጆይስቲኩንና ማሽኑን በአንድ ቀለም ፕላስተር ምልክት አድርጉ፣ ቻርጁንም ከማሽኖቹ ውጭ በቻርጀር አድርጉት።

ምልክት፦ በእጅ ሲነሳ ይሠራል፣ ራሱ ግን አያስነሳም

ፎርጂድ ከሆነ ምንም አትድከሙ፤ አንዳንዶቹ ማሽን የማስነሳቱ ነገር የላቸውም። ዋናው ከሆነ ቀረብ ብላችሁ ሞክሩ። ማሽኑ ብረት ሳጥን ውስጥ ከተቀመጠ ወይም ውጫዊ ሃርድ ዲስክ ከተለጠፈበት ሲግናሉ ይደክማል።

ምልክት፦ በደንብ ይሞላል፣ ሲጫኑት ግን ነጭም አይበራ

ሪሴቱ ካልፈታው ቁልፉ ራሱ ነው የሚጠረጠረው፣ በተለይ ለስላሳ ፈሶበት የሚያውቅ ከሆነ። ጆይስቲኩ ጠፍቶ ሳለ በአልኮል ረጠብ ባለ ጥጥ ዙሪያውን ጥረጉና ደጋግማችሁ ተጫኑት። ካልሆነ ከኋላ ያሉት 4 ብሎኖች ይፈቱ፤ ስትከፍቱት ግን ቀስ በሉ፣ ሁለቱን ክፍሎች የሚያገናኘው ስስ ሪባን ሲጎተት ይበጠሳል።