የሚመርና የሚጠቁር ጎመን ዘር እንዴት ተስተካከለ

ጎመኑ ይመራል፣ ጉሮሮ ይቆጠቁጣል፣ መልኩም ይጠቁራል። ጎመን ዘር ከጥቁር ሰናፍጭና ከጥቅል ጎመን ወገን የተዳቀለ ነው፤ ምሬቱም ከእነዚሁ የወረሰው ነው። በጥሬው ሲከተፍ ቅጠሉ ውስጥ ያለው፣ የሚቆጠቁጠውን ነገር የሚፈጥረው ኢንዛይም ይለቀቅና መቆጥቆጡ ይብሳል።

መፍትሔው ከመክተፍ በፊት መቀቀል ሆነ። 1 ኪሎ ቅጠል ወፍራም አገዳው ወጥቶለት፣ በ4 ሊትር የፈላ ውሃና በ1 የሾርባ ማንኪያ ጨው 4 ደቂቃ ይቀቀላል። ድስቱ በፍጹም አይከደን! ከተከደነ ከቅጠሉ በእንፋሎት የሚወጣው አሲድ ተመልሶ አረንጓዴውን ያጠፋዋል። ምሬቱ የሚወጣው ወደ መቀቀያው ውሃ ስለሆነ ውሃው ይደፋ። ጎመኑ ቀዝቃዛ ውሃ ውስጥ ተነክሮ በደንብ ይጨመቅና ይከተፍ። በዘይት በተቁላላ ሽንኩርት፣ ነጭ ሽንኩርትና ዝንጅብል ላይ 10 ደቂቃ ይበቃዋል፤ ቃሪያው ወጡ ከእሳት ሊወጣ ሲል ይጨመር።