የድንች ላዛኛችን ለምን ወጥ ይሆናል? ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

መጀመሪያ የሠራሁት ቀን የባለቤቴ እናት ሳህናቸውን አዩ፣ እኔን አዩ፣ ከዚያ ቀስ ብለው "ልጄ፣ እንጀራ የለም እንዴ?" አሉ። አልተሳሳቱም። ተደራርቦ በካሬ በካሬ መቆረጥ የነበረበት ምግብ ሳህኑ ላይ ተዘርግቷል። ድንቹ አንድ ጥግ፣ ሥጋው ሌላ ጥግ፣ ቀይ ውሃ ደግሞ ዙሪያውን። እንጀራ መጣ፣ ተበላ፣ ተሳቀ።

እኛ ቤት "የድንች ላዛኛ" እንለዋለን። ከሥር ድንች፣ ከላዩ የተፈጨ ሥጋ፣ በላዩ ነጭ ሶስ፣ እንደገና ድንች፣ እንደገና ሥጋ፣ ከዚያ ኦቨን። የምንኖረው ሱሉልታ ነው፤ ከእንጦጦ ጀርባ፣ ወደ ጎጃም በሚወስደው መንገድ። ማታ ማታ ብርዱ አጥንት ይሰብራል። ኦቨኑ ሲበራ ወጥ ቤቱ ስለሚሞቅ ልጆቹ የቤት ሥራቸውን ይዘው እዚያው ይመጣሉ።

ከዚያ ቀን ወዲህ ብዙ ጊዜ ሠርቼዋለሁ፤ ብዙ ጊዜም አበላሽቼዋለሁ። ሲበላሽ ጥፋተኛው ከሞላ ጎደል ሁሌም ውሃ ነው። ወይ መምጠጥ ሲገባው ያልመጠጠ ውሃ፣ ወይ ድንቹን ማብሰል ያቃተው ውሃ።

ለስድስት ሰው የምጠቀመው ይኼን ነው፦ አንድ ኪሎ ተኩል ድንች፣ ግማሽ ኪሎ የተፈጨ ሥጋ፣ ሁለት ትልልቅ ቀይ ሽንኩርት፣ ሦስት ቲማቲም፣ ሁለት የሾርባ ማንኪያ የቲማቲም ድልህ፣ ግማሽ ሊትር ወተት፣ 50 ግራም የገበታ ቅቤና 50 ግራም የፉርኖ ዱቄት። ነጭ ሽንኩርቱ፣ ጨውና ቁንዶ በርበሬው እንደ እጅ ነው።

የክትፎ ሥጋ መግዛት

ሥጋ ቤት ገብታችሁ "የተፈጨ" ስትሉ ሻጩ "ለምን ነው?" ብሎ ይጠይቃል። እኔ ያኔ "ጥሩውን አድርግልኝ፣ የክትፎውን" አልኩት። እሱም ስብ የሚባል የሌለበት ቀይ ሥጋ ፈጨልኝ። ዋጋውም የክትፎ ነበር።

ክትፎ ቅቤ ይገባበታል፣ እሳትም ብዙ አያየውም፤ ስለዚህ ቀይ ሥጋ ያምርበታል። ይኼኛው ሥጋ ግን መጀመሪያ ምድጃ ላይ፣ ቀጥሎ ኦቨን ውስጥ ሊቆይ ነው። ስብ ከሌለው ሰጋቱራ ይሆናል። አሁን "ከወርቹ አድርግልኝ፣ ትንሽ ጮማ ጣል አድርግበት፣ አንዴ ብቻ ፍጨው" እላለሁ። ርካሽም ነው፣ ይጣፍጣልም።

ድንቹን ጥሬውን መደርደር

ብዙ ሰው የሚወድቀው እዚህ ነው። እኔም ሦስት ጊዜ ወድቄያለሁ። በቪዲዮ የሚያሳዩን ሰዎች ድንቹን ጥሬውን ይከትፋሉ፣ ይደረድራሉ፣ ኦቨን ውስጥ ይከታሉ፣ ከአንድ ሰዓት በኋላ ቅቤ የመሰለ ድንች ያወጣሉ። እኛ ስናደርገው ላዩ ያርራል፣ መሀሉ ኩርሽም ኩርሽም ይላል።

ምክንያቱ ሁለት ነው። አንዱ ከፍታችን ነው። ባሕር ዳርቻ ያለ ሰው ውሃ ሲያፈላ 100 ዲግሪ ይደርስለታል። አዲስ አበባ ከ2,300 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ ስላለች ውሃ የሚፈላው በ92 ወይም በ93 ዲግሪ ገደማ ነው። ሱሉልታ ደግሞ ከከተማዋም ከፍ ትላለች። ውሃ አንዴ ከፈላ፣ የቱንም ያህል ቢንተከተክ ከዚያ በላይ አይሞቅም። ኦቨኑን 180 ላይ ብታደርጉትም፣ በሶስ ውስጥ የተዘፈቀው ድንች የሚበስለው በዚያው ውሃ ሙቀት ነው። ስለዚህ የቪዲዮውን ደቂቃ አትመኑ፤ የእነሱ ሰዓት ለእነሱ አገር ነው።

ሁለተኛው ቲማቲም ነው። የቲማቲም ኮምጣጣነት ድንቹ እንዳይለሰልስ ይይዘዋል። ጥሬ ድንች ቲማቲም ውስጥ ከገባ፣ ከውሃ ይልቅ በጣም ዘግይቶ ነው የሚበስለው። አልጫ ውስጥ ቶሎ የሚፈርሰው ድንች ቲማቲም በበዛበት ወጥ ውስጥ ለምን እንደሚያስቸግር አሁን ገባኝ። እናቴ ድንቹ በሰል ካለ በኋላ ነበር ቲማቲሙን የምትጨምረው። ለምን እንደሆነ ግን ነግራኝ አታውቅም፤ እኔም ጠይቄያት አላውቅም።

መፍትሔው ቀላል ነው። ድንቹን ልጣችሁ ከግማሽ ሴንቲ ሜትር ባነሰ ውፍረት ክተፉት፤ ዋናው ነገር ሁሉም እኩል መሆኑ ነው። በቀዝቃዛ ውሃ ጣዱት፣ ጨው ጨምሩበት። መፍላት ከጀመረ በኋላ ከስምንት እስከ አሥር ደቂቃ ይበቃዋል። ቢላ ሲወጋው መግባት አለበት፣ ሲነሳ ግን መሰበር የለበትም። ከዚያ አጥልሉትና ንጹሕ ፎጣ ላይ ዘርጉት፤ እንፋሎቱ ይውጣለት። ይቺን የመጨረሻዋን አትዝለሏት። ውሃ ተሸክሞ ትሪው ውስጥ የገባ ድንች ውሃውን እዚያው ነው የሚያራግፈው። ያን ቀን በባለቤቴ እናት ሳህን ላይ የፈሰሰው ውሃ ግማሹ ከድንቹ የወጣ ነበር።

ስለ ድንች ካነሳን አይቀር፣ ገበሬዎች ጉደኔ፣ በለጠ፣ ጃለኔ እያሉ በዝርያ ይለዩታል፤ ጉሊት ላይ ሲደርስ ግን ሁሉም "ድንች" ነው። ስለዚህ በዓይን ምረጡ፤ ጠንከር ያለና መጠኑ ተቀራራቢ የሆነ ይሁን። ፀሐይ ላይ ውሎ አረንጓዴ የሆነውን ተዉት። አረንጓዴው ቦታ ላይ ሶላኒን የሚባል መርዝነት ያለው ነገር ይበዛል፤ ይመራል፣ ሆድ ያውካል፣ ተቀቅሎም አይጠፋም። ትንሽ ከሆነ በደንብ ቆርጣችሁ አውጡት፣ ከበዛ ጣሉት። የጉሊቷ ሴትዮ "ምንም አይልም የኔ እናት፣ ይላጣል" ቢሉም አትስሟቸው።

ሥጋውን እንደ ወጥ መሥራት

እጃችን ወጥ ለምዷል። ሽንኩርት እናቁላላለን፣ በርበሬ እንጨምራለን፣ ጠብ ጠብ እያደረግን ውሃ እንመልሳለን፣ መጨረሻ ላይ መረቅ ያለው ነገር እናወጣለን። ለወጥ ትክክል ነው። ለላዛኛ ግን ያ መረቅ ነው ሁሉን የሚንደው።

እኔ ሰፊ መጥበሻ አግላለሁ፣ ዘይት አደርጋለሁ፣ ሥጋውን በሁለት ዙር እጠብሳለሁ። በጠባብ ድስት ግማሽ ኪሎ አንዴ ከተጨመረ ሥጋው ውሃውን ይለቅና በራሱ ውሃ ይቀቀላል፤ መልኩም አመድ ይመስላል። ቡናማ ሲሆን አውጥታችሁ ሽንኩርቱን በዚያው ዘይት ጥበሱ፤ ከዚያ ነጭ ሽንኩርት፣ ድልህና የተከተፈ ቲማቲም፣ በመጨረሻም ሥጋውን መልሱ። ምንም ውሃ አይጨመርም። ማንኪያውን መሀል ለመሀል ስትጎትቱት የመጥበሻው ወለል ታይቶ ትንሽ ከቆየ ደርሷል። ወዲያው መረቅ ከሞላበት ገና ነው።

ሥጋው ቀይ ሆኖ እንዳይቀር አደራ። የተፈጨ ሥጋ ላዩ ላይ የነበረው ጀርም በሙሉ ወደ ውስጥ ይገባል፤ እስከ መሀሉ ይብሰል።

በርበሬን በተመለከተ ቤት ውስጥ ክርክር አለ። ባለቤቴ ይግባ ይላል። እኔ አንድ የሻይ ማንኪያ እፈቅዳለሁ፣ ከዚያ በላይ ከሆነ ነጩ ሶስ ምን ሊሠራ መጣ? የጥብስ ቅጠል ግን አልነፍገውም።

ነጩ ሶስ ላይ ንጥር ቅቤ

ኮረሪማና ኮሰረት የገባበት የተነጠረ ቅቤ ወተት ውስጥ ሲገባ ሁሉንም ነገር ይውጠዋል። ለሶሱ የገበታ ቅቤ ተጠቀሙ። ቅቤውን አቅልጣችሁ ዱቄቱን ሁለት ደቂቃ ያህል አማስሉ፤ ሳይቀላ ወተቱን በትንሽ በትንሹ ጨምሩ። አንዴ ከደፋችሁት ይጓጉላል። ከተጓጎለም አትደንግጡ፣ በወንፊት ማጥለል ነው። እኛ ሰፈር ወተት ከጎረቤት ነው የሚመጣው፤ ላሞቹን በስም እናውቃቸዋለን። እንዲህ ያለ የታለበ ወተት ግን መጀመሪያ መፍላት አለበት፣ የላሟ ስም ምንም ቢሆን።

አይብ ይቀልጣል ብሎ መጠበቅ

ሞዛሬላ ሲወደድብኝ "ያው ቺዝ ነው" ብዬ አይብ በተንኩበት። አልቀለጠም። አይቀልጥምም። አይብ የሚወጣው ኮምጣጣ አሬራ ሲሞቅ ስለሆነ፣ ደግማችሁ ብታሞቁት ውሃ ለቆ ይደርቃል እንጂ አይሳብም። ቺዝ ከሌለ ላዩ ላይ ነጭ ሶስና ትንሽ የደረቀ ዳቦ ፍርፋሪ ይበቃል። ደስ የሚል ቅርፊት ይሠራል።

የኦቨኑን ቁጥር ማመን

ከተማ ዳር የምንኖር ሰዎች ይኼን እናውቀዋለን። ማታ አንድ ሰዓት ላይ ሁሉም ምድጃውን ሲለኩስ አምፖሉ ይፈዛል። ያኔ ኦቨኑም ፈዟል። ነገሩ ደግሞ ከምናስበው ይብሳል። መስመሩ ከ220 ቮልት ወደ 180 ቢወርድ፣ ኦቨኑ የሚሰጠው ሙቀት የሚቀንሰው በአንድ ሦስተኛ ያህል ነው። ቁልፉ 180 ዲግሪ ይላል፣ ውስጡ ግን ገና እየተንፏቀቀ ነው።

ስለዚህ እኔ ማታ የሚበላውን ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ላይ እጀምራለሁ። ኦቨኑ ቀድሞ በደንብ ይሙቅ። ትሪውን በፎይል ሸፍኜ 30 ደቂቃ፣ ከዚያ ገልጬ 20 ደቂቃ፣ ወይም ዳር ዳሩ ቶክ ቶክ እስኪልና ላዩ እስኪቀላ። ማታ ደግሞ ማሞቅ ብቻ ነው።

መብራት ጭራሽ ከጠፋስ? ድፎ ዳቦ እንዴት እንደሚጋገር አስቡ፤ እሳት ከታችም ከላይም። ወፍራም የብረት ድስት ውስጥ ደርድሩት፣ ለስለስ ያለ ከሰል ላይ ጣዱት፣ ክዳኑ ላይ ፍም አድርጉ። ሥሩ ትንሽ ቢይዝ ነው እንጂ ይወጣል። ሁለት ነገር ግን ተጠንቀቁ። ፓይሬክስ ከሰል ላይ አይወጣም፣ ይሰነጠቃል። ከሰሉም ደጅ ይሁን። ብርድ ነው ብሎ በር ዘግቶ ከሰል ማንደድ ሰው ይገድላል፤ ጋዙ ሽታ የለውም።

ከኦቨን እንደወጣ መቁረጥ

ልጆች ጠረጴዛውን እየደበደቡ 15 ደቂቃ መጠበቅ ከባድ ነው። ግን ትኩሱን ከቆረጣችሁት ይፈርሳል፣ ያ ሁሉ ድካም ገደል ገባ። ሶሱ የሚይዘው በረድ ሲል ነው። እኔ በዚያ ሰዓት ሰላጣ አዘጋጃለሁ፣ እጅ አስታጥባለሁ። የፓይሬክሱን ትሪ ደረቅ ፎጣ ላይ አስቀምጡት፤ እርጥብ ጠረጴዛ ላይ ከሆነ ሊፈነዳ ይችላል።

ተራፊውን እዚያው ማሳደር

የምሠራው ብዙ ጊዜ እሑድ ነው። የተረፈው ከሁለት ሰዓት በላይ ውጭ ሳይቆይ ፍሪጅ ይገባል። ረቡዕ ስለምንጾም እስከ ማክሰኞ ማታ ማለቅ አለበት፤ ሦስት ቀን ደግሞ ለበሰለ ሥጋም በቂ ነው። ፍሪጁ በመብራት ምክንያት ሲጠፋ ሲበራ ከዋለ ማክሰኞን አልጠብቅም።

ሰኞ ላይ ሲሞቅ ከእሑዱ ይሻላል፣ ቀጥ ብሎ ይቆረጣል። ባለፈው የባለቤቴ እናት አድረው ስለነበር ለቁርስ አቀረብኩላቸው። ካሬው ሳህኑ ላይ ቆመ። ዞር ዞር አድርገው አዩት፣ በሹካ ነካ ነካ አደረጉት፣ በሉ። ከዚያ "አሁን ገና ምግብ ሆነ" አሉና እንጀራ አስመጡ።