ድሬዳዋ በባቡር? መጀመሪያ ለቡ ድረሱ

እናቴን «ነገ ጠዋት ባቡር ጣቢያ እንገናኝ» አልኳት። እኔ ለቡ በሩ ላይ ቆሜ ስጠብቅ፣ እሷ ጋቢዋን ደርባ፣ ዳቦ ቆሎዋን በፌስታል ይዛ ለገሃር ቆማለች። ስደውልላት «እዚህ እኮ ማንም የለም ልጄ» አለችኝ። ባቡሩ ሄደ። ጥፋቱ የኔ ነው። ለእሷ ዕድሜ ሰው ባቡር ጣቢያ ማለት ለገሃር ነው፤ ስሙ ራሱ ከፈረንሳይኛው «ላ ጋር» የመጣ ነው፣ ጣቢያ ማለት።

ስለዚህ ለገሃር አትሂዱ። የድሬዳዋው ባቡር የሚነሳው ከፉሪ ለቡ ነው፣ ከከተማው ጫፍ። ቀላል ባቡሩም አያደርሳችሁም፤ አንዱ መስመር ቃሊቲ፣ ሌላው ጦር ኃይሎች ላይ ያበቃል። ጓዝ ከሌላችሁ ከሜክሲኮ የለቡ ታክሲ ያዙና የቀረውን በባጃጅ ጨርሱ። ሻንጣ ካለ ግን ከቤት ራይድ ጥሩ፣ አትሰስቱ።

ለምን እዚያ ድረስ ወጣ? የድሮው ሐዲድ ጠባብ ነው፣ በሁለቱ ብረቶች መካከል 1 ሜትር ብቻ። እኔ አቃቂ ነው ያደግሁት፤ ልጆች ሳለን አንድ እግራችንን በአንዱ፣ ሌላውን በሌላው ብረት ላይ አድርገን ማን ቆሞ ይቆያል እያልን እንወራረድ ነበር። የአዲሱ ስፋት 1 ሜትር ከ43 ሳንቲም ተኩል ስለሆነ ባቡሩ በድሮው መንገድ ለገሃር ልግባ ቢል እንኳ አይችልም። ሐዲዱ እንደ አዲስ ከሰበታ ተነስቶ ጅቡቲ ድረስ ተዘረጋ፣ 750 ኪሎ ሜትር አካባቢ። እ.ኤ.አ. በ2016 ተመረቀ፣ መደበኛ ሥራ የጀመረው ግን በ2018 መግቢያ ላይ ነው። ልጆች ይዛችሁ ከሆነ እንደኛ ሐዲድ ላይ እንዳይጫወቱ፤ ከላይ የተዘረጋው ሽቦ 25 ሺህ ቮልት ነው።

የድሮዎቹም ቢሆኑ ቶሎ አልደረሱም። ሥራው ከጅቡቲ እ.ኤ.አ. በ1897 ተጀምሮ ድሬዳዋ የገባው በ1902፣ አቃቂ የደረሰው በ1915 ነው። ከዚያ በኋላ የቀረችው 23 ኪሎ ሜትር ብቻ ነበረች፤ እሷን ጨርሶ አዲስ አበባ እስኪገባ ሌላ 2 ዓመት ፈጀ። እኛ አቃቂዎች እስከዛሬ በዚህ እንኮራለን፣ ባቡር ከሸገር በፊት አይተናል።

ወደ ትኬቱ። እንደ አውቶቡስ በየቀኑ አለ ብላችሁ አትገምቱ፤ ቀኑንም ሰዓቱንም አስቀድማችሁ ጠይቁ። ትኬቱን ከመንገዱ ቀን በፊት ግዙ፣ መታወቂያ ያዙ። ወንበርና አልጋ አለ፤ ቀን የምትሄዱ ከሆነ ወንበሩ በቂ ነው፣ አልጋው ለጅቡቲ መንገደኛ ወይም ወገቡን ለሚያመው ይሁን። በጠዋት ድረሱ። ፍተሻ አለ፣ እና ባቡር እንደ ሚኒባስ ሰው እስኪሞላ አይጠብቅም።

ምግብና ውሃ ከቤት ያዙ። በድሮው ባቡር በየጣቢያው ሻጮች በመስኮት ያቀብሉ ነበር፤ አዲሶቹ ጣቢያዎች ከከተማ ራቅ ያሉ ስለሆኑ ያ የለም። ለቡ ላይ ብርድ ነው፣ ከ2 ሺህ ሜትር በላይ ነን። ቢሾፍቱንና አዳማን አልፋችሁ አዋሽ ስትቃረቡ ጃኬት ታወልቃላችሁ፣ ስለዚህ ከውስጥ ስስ ልብስ ይኑራችሁ። መስኮት አካባቢ ከተቀመጣችሁ መተሐራ ላይ አትተኙ፣ የፈንታሌ ተራራ አያምልጣችሁ። መሃል መንገድ ላይ ባቡሩ ቀጥ ካለም አትደንግጡ፤ ከብት ወይም ግመል ሐዲዱ ላይ ገብቶ ሊሆን ይችላል።

ድሬዳዋም ጣቢያው ከከተማ ውጪ ነው፣ መሃል ከተማ ያለውን የድሮውን ለገሃር አትጠብቁ። የሚቀበላችሁ ሰው ካለ ሚኤሶን ስታልፉ ደውሉለት። «አዲሱ ጣቢያ» ብላችሁ ንገሩት፣ አለዚያ እንደ እናቴ ሌላ ቦታ ቆሞ ይጠብቃችኋል።