የድሮ ቪሲዲ አክሽን ፊልሞችን ከዲስክ ወደ ኮምፒውተር

ድብድቡ ሲጋጋል ቆም ብሎ ሁለተኛውን ሲዲ የሚያስቀይረው ፊልም ናፈቃችሁ? አንድ ቪሲዲ (ቪዲዮ የተጫነበት ሲዲ) የሚይዘው 74 ደቂቃ ገደማ ስለሆነ ነው እንደዛ የሚቆረጠው። ዲስኮቹ ካሉዋችሁ ሳይበላሹ ገልብጧቸው።

መጀመሪያ በለስላሳ ጨርቅ ከመሃል ወደ ጠርዝ ጥረጉ፤ ዙሪያውን ማሸት የለም። ኮምፒውተር ላይ ስትከፍቱት «ኤምፔግ ኤቪ» (MPEGAV) በሚል ፎልደር ውስጥ መጨረሻቸው «ዳት» (.DAT) የሆነ ፋይሎች አሉ፣ ፊልሙ እነሱ ናቸው፣ ወደ ሃርድ ዲስክ ኮፒ አድርጉና ቪኤልሲ (VLC) በሚባለው የቪዲዮ ማጫወቻ ክፈቱ። ኮፒው መሃል ላይ ድርቅ ካለ ሌላ የሲዲ ድራይቭ ሞክሩ፤ አንዱ ያቃተውን ሌላው ሊያነበው ይችላል።

ሁለት ቋንቋ እኩል ከጮኸባችሁ አትደንግጡ። አንዳንድ የሆንግ ኮንግ ቪሲዲዎች በአንዱ ቻናል ካንቶኒዝ፣ በሌላው ማንዳሪን ነው የሚጭኑት። ከቪኤልሲ ኦዲዮ ሜኑ ስቴሪዮ ሞድ ገብታችሁ ግራውን ወይም ቀኙን ብቻ ምረጡ።

ምስሉ 352 በ288 ወይም 352 በ240 ፒክስል ነው፤ ቪዲዮው በሰከንድ 1150 ኪሎቢት ገደማ ብቻ ስላለው ፍንዳታ ሲመጣ ስክሪኑ ካሬ በካሬ ይሆናል። በአርቴፊሻል ኢንተለጀንስ አጥራለሁ ብላችሁ አትልፉ፣ የተዋናዩን ፊት ፕላስቲክ ያስመስለዋል። በትንሽ መስኮት እዩት፣ ያምራል!